የገና ዋዜማ በሐምሌ

ዘኖናስ የእናቱን ታጣፊ ጠረጴዛ በትከሻው ተሸክሞ በፊልም ቀረጻው መጋዘን ጨለማ ውስጥ መግቢያ ሲፈልግ፣ ከኮምፔንሳቶው ግድግዳ ወዲያ ሁለት ሰዎች ስለ እሱ ሲያወሩ ሰማ።

«የገዛ ወንድሟ ነው» አለ አንደኛው። ሚስማር በከንፈሩ የያዘ ሰው አነጋገር ነበር። «እናታቸው በሞተች በወሯ ማድ ቤቱን እንዳለ ነቅሎ ከቆሻሻ ጋር ጫነው። እኛ ደግሞ ይኸው ያንኑ ዓይነት ዕቃ ካልቫሪዩ ገበያ እየዞርን መልሰን እንገዛለን። ያቺን የግድግዳ ሰዓት ሠላሳ ዩሮ አሉኝ፤ ያውም አትሠራም።»

«ምን ዓይነት ሰው ነው?»

«ቧንቧ ሠራተኛ።»

ሁለቱም ሳቁ። ዘኖናስ ጠረጴዛውን ሳያወርድ ባለበት ቆመ። ግድግዳው ከጀርባው ሲያዩት ግድግዳ አይመስልም፤ በጣውላ ድጋፍ የቆመ፣ በቀይ ቀለም ቁጥር የተጻፈበት፣ በጣት ቢገፉት የሚወድቅ የሚመስል ነገር ነው። እህቱ ስኪርማንቴ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ለፊልም ቤትና መንገድ ስትሠራ ኖራለች፤ እሱ ግን ሥራዋን በዚህ በኩል አይቶት አያውቅም። ገና ረዳት ሳለች፣ በኮሙኒስቶቹ ዘመን፣ የዋና ከተማቸውን የቪልኒየስን አሮጌ መንገዶች አንድ ሰሞን በርሊን ያደርጓቸዋል፣ አንድ ሰሞን ፓሪስ። የባዕድ አገር ታፔላ ይሰቅላሉ፤ ቀረጻው ሲያልቅ ያወርዱታል። እናታቸው «ልጄ ከከተማ አውቶቡስ ሳትወርድ አውሮፓን ዞረችው» እያለች ጎረቤቶቿ ላይ ትኮራ ነበር። የራሳቸውን ቤት እንዲሠሩ ግን ያዘዛቸው አልነበረም። ስኪርማንቴ ይህን አንድ ጊዜ በእናታቸው ልደት ላይ እየሳቀች ተናግራው ነበር፤ ከዚያ በኋላ ወደ ሾርባዋ መመለሷን ያስታውሳል።

የደወለችለት ባለፈው ሳምንት ነው፤ ከቀብሩ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ። «ያ ጠረጴዛ አንተ ጋ ነው?» አለች። «እኔ ጋ ነው» አለ። «ለሥራ ፈልጌው ነው፤ ሐሙስ ይመለስልሃል» ብላ ዘጋች። ሚስቱ ዳኑቴ ሌላ ሰው ያድርስልህ፣ በዚህ ሙቀት ማን ይነዳል ብላው ነበር። ራሱ የመጣው የሚናገረው ነገር ስላለው ነው። ከሚኖርበት ከኡክሜርጌ ጀምሮ መስኮቱን ከፍቶ ሲነዳ ቃላቱን ሲያሰናዳ ነበር። እናታቸው የሞተችው እሱ ለእህቱ እንደ ነገራት አልጋዋ ላይ ተኝታ አልነበረም። ባለፈው ዓመት ከፋሲካ በኋላ አንድ እሑድ ጠዋት፣ እንደ ልማዱ ድንች ይዞላት መጥቶ በሩን ሲከፍት፣ ማድ ቤቱ ወለል ላይ በምድጃውና በጠረጴዛው መካከል ወድቃ አገኛት። የዕቃ ማጠቢያው ሰፍነግ እጇ ውስጥ ነበር። ስኪርማንቴ ያን ሰሞን ባሕሩ ዳርቻ ላይ ኒዳ ለሥራ ሄዳለች። በስልክ «ተኝታ ነው ያለፈችው» አላት። አንድ ጊዜ እንዲህ ከተባለ ወዲያ መመለሻው ጠፋ። እህቱ ያን ወለል እንዳታይ ብሎ ይሁን፣ እሱ ራሱ ዳግመኛ እንዳያየው ብሎ፣ የቱ እንደሆነ እስከ ዛሬ አልለየውም፤ በአንድ ቅዳሜ ሁሉንም ነቅሎ ጣለው። ከጠረጴዛው በቀር። ጠረጴዛውን ለምን እንደተወውም አያውቅም።

ግድግዳውን ዞሮ ወጣ።

የእናቱ ማድ ቤት ነበር። እስከ ደረት ድረስ ፈዛዛ አረንጓዴ የዘይት ቀለም፣ ከዚያ በላይ ነጭ። ከምድጃው በላይ በክር የተሰካ ደረቅ እንጉዳይ። ጆሮዋ የተሰበረ የብረት ድስት፣ የድስቱ ክዳን ላይ በእጀታ ምትክ የገባ የቡሽ ቁራጭ። የመደርደሪያው ወረቀት ጠርዙ በመቀስ እንደ ዳንቴል ተቆርጧል፤ ይህን እናታቸው በየዓመቱ በዋዜማው ጠዋት የምታደርገው ነበር። በማብሪያ ማጥፊያው ዙሪያ ግድግዳው ላይ የእጅ እድፍ አለ። አንዱ ከፍ ብሎ፣ ሌላው ከሥሩ ዝቅ ብሎ፤ ልጅ በጨለማ ተንጠራርቶ ሲዳብስ የሚተወው ዓይነት። ዘኖናስ ይህን ሲያይ ጠረጴዛው ከበደው። ቤቱ ከትክክለኛው ትንሽ ሰፋ ይላል፤ ግን የሰፋው ለካሜራው ይሁን ወይስ እህቱ ትንሽ ሳለች እንደምታስበው አድርጋ ሠርታው ይሁን መለየት አይቻልም። ወለሉ ቡናማ ቀለም የተቀባ ጣውላ ነው። ከምድጃው ፊት ቀለሙ ተልጦ እንጨቱ ወጥቷል፤ አንዲት ሴት ዕድሜዋን ሙሉ የቆመችበት ቦታ። እህቱ ያን በአሸዋ ወረቀት ፍቃ እንደሠራችው ያውቃል፣ የእንጨቱ ብናኝ እንኳ ጥግ ላይ ይታያል፤ እግሩ ግን አልተራመደም። የበሩ ግድግዳ የለም። በሩ ይኖርበት በነበረው ቦታ፣ ያን እሑድ እሱ በቆመበት ቦታ ላይ፣ ካሜራ ቆሟል።

ስኪርማንቴ የድርቆሽ ጆንያ አጠገቧ አድርጋ ወለሉ ላይ ተንበርክካለች። ፀጉሯን አሳጥራዋለች፤ ሽበቱን አልቀባችውም። ሸሚዟ ላይ የሻይ ነጠብጣብ አለ፣ ግድግዳ ለማስረጀት በሻይ ትቀባለችና።

«መጣህ» አለች።

«መጣሁ።»

«መንገዱስ?»

«ሙቀት ነው።»

«ዳኑቴ ደህና ናት?»

«ደህና ናት። እንጆሪ ትቀቅላለች፤ ማርማላታ።»

«ብዙ?»

«ብዙ።»

 ሚስማር በከንፈሩ የያዘው ሽማግሌ፣ የዕቃ ኃላፊው ራፖላስ፣ መጀመሪያ ጠረጴዛውን አየ፣ ቀጥሎ የዘኖናስን ፊት፣ ቀጥሎ ኮምፔንሳቶውን አየ፤ ውፍረቱን እየገመተ ይመስል ነበር። ሚስማሮቹን አንድ በአንድ ከአፉ አወጣ።

«ወንድሟ እርስዎ ነዎት?»

«ቧንቧ ሠራተኛው» አለ ዘኖናስ።

ራፖላስ ሚስማሮቹን ኪሱ ከተተና፣ «ጌታዬ፣ ጊራ ልቅዳልዎት? በረዶ ውስጥ ነው ያስቀመጥኩት» አለ።

«ቅዳልኝ።»

ከአጃ ዳቦ የተጠመቀውን ቀዝቃዛ ጊራ በአንድ ትንፋሽ ጠጥቶ ጠረጴዛው የተጠቀለለበትን ብርድ ልብስ መፍታት ጀመረ። ስኪርማንቴ ድርቆሹን የሚያፍታታው እጇ ቆመ። ብርድ ልብሱ ቡናማ ነው፣ ዳርና ዳሩ ላይ ቢጫ መስመር አለው፣ አንዱ ጥግ ላይ የካውያ ቃጠሎ አለ።

«ይሄ እኮ . . .» አለች።

«ሌላ መጠቅለያ አጣሁ።»

«እኔ ገበያ ለገበያ ስፈልገው ከረምኩ። ተመሳሳዩን።» አንሥታ ወደ አፍንጫዋ አስጠጋችው። «ምንድን ነው የሚሸተው?»

«የሞተር ዘይት። መኪናው ሥር ስገባ እተኛበታለሁ።»

«በእማማ ብርድ ልብስ?»

«ወገቤን ያመኛል።»

ራፖላስ ወደ ግድግዳው ዞረ፤ ትከሻው ይንቀጠቀጥ ነበር።

ጠረጴዛውን ዘረጉት። ሁለቱ ክንፎች ሲነሡ የግራው እንደ ድሮው አንድ ጊዜ ተንቋቋ፤ ስኪርማንቴ ድምፁን ስትሰማ ዓይኗን ጨፈነች። ድርቆሹን እንደ ዋዜማው ልማድ በጣውላው ላይ በተኑት፤ ሁለቱም ዳርቻው ላይ ሳሳ፣ መሐሉ ላይ ወፈር አድርገው፣ ሳይነጋገሩ። በላዩ ነጩን ጨርቅ አለበሱት። ሰሌዳው ላይ የተጻፈው ቀረጻ የኩቾስ ነው፤ የገና ዋዜማ እራት፣ በሰባዎቹ መጀመሪያ፣ አንድ ተራ ቤተሰብ፣ ሥጋና ወተት የሌለበት ማዕድ። ራፖላስ ሳህኖቹን ደረደረ፤ ጨው የጠጣ ዓሣ በቀይ ሥር፣ የተቀቀለ ባቄላ፣ እንጉዳይ በሽንኩርት፣ ከዱር ፍሬ የተፈላ ወፍራም ቀይ መጠጥ። አንዱ ሳህን ባዶ ነው፤ አጠገቡ ያልበራ ሻማ። ውጭ ፀሐዩ የመጋዘኑን ቆርቆሮ ያጮኸዋል፤ ከመስኮቱ ወዲያ ደግሞ በትልቅ ሸራ ላይ የታተመ የፊት ለፊት ሕንፃና ራፖላስ ከወረቀት ከትክቶ የሠራው በረዶ አለ። ስኪርማንቴ ወንበር ላይ ወጥታ ብርድ ልብሱን ከመጋረጃው በላይ በሚስማር ሰቀለችው።

«በረዶዬን ሸፈንሽው» አለ ራፖላስ። «ሦስት ቀን የደከምኩበትን።»

«እኛ ቤት በኩቾስ መስኮቱ በብርድ ልብስ ይሸፈን ነበር። ስንጥቅ ነበረው፤ ብርድ ይገባል።»

«ለብርድ አይደለም» አለ ዘኖናስ።

እህቱ ከወንበሩ ላይ ሆና ዞር አለች።

«ከፊት ለፊት ሦስተኛ ፎቅ የትምህርት ቤታችን ምክትል ኃላፊ ይኖር ነበር። የተከለከለውን ዋዜማ የሚያከብር ቤት የቱ እንደሆነ በመስኮት ያያል ይባላል። በማግሥቱ ክፍል ገብተው፣ ትናንት ማታ ቤታችሁ ምን በላችሁ ብለው ይጠይቁን ነበር። እማማ ድንች በላን በል ብላ አስጠንታኛለች። ላንቺ ብርድ ነው አለችሽ። ትንሽ ነበርሽ፣ ምላስሽም አያርፍም።»

ስኪርማንቴ የብርድ ልብሱን ጠርዝ በመዳፏ አስተካከለች። ከዚያ ወረደች፤ የወረደችበትን ወንበር ጠርጋ ወደ ቦታው መለሰችው፤ እርሳሷን ከጆሮዋ ላይ አንሥታ መልሳ ሰካችው። «ይኼን ሁሉ ዓመት» አለች፣ ለማንም ሳይሆን።

ካሜራማኑ ኔሪዩስ ቁምጣ የለበሰ ወጣት ነው። ተዋንያኑ በዚህ ሙቀት የሱፍ ሹራባቸውን ለብሰው ከምሣ በፊት እንደማይገቡ ተናገረና፣ መብራቱን የሚለካበት ሁለት ሰው እንዲያስቀምጡለት ጠየቀ። ራፖላስን አየው፤ ራፖላስ ሚስማሮቹን ወደ አፉ መለሰ። «በቃ እናንተው ተቀመጡልኝ» አለ ኔሪዩስ ወደ ወንድምና እህቱ እያየ። «ቁመታችሁ ልክ ነው። ምንም አትሥሩ፤ እንዳትነቃነቁ ብቻ።»

ዘኖናስ ወደ ወንበሩ ለመድረስ በምድጃው በኩል ማለፍ ነበረበት። ግድግዳውን ተጠግቶ፣ ቀለሙ የተላጠውን ጣውላ ሳይረግጥ ዞሮ ሄደ። ስኪርማንቴ አየችው። ፊት ለፊት ተቀመጡ። ባዶው ሳህን መካከላቸው ነው። መብራቱ በርቶ ፊታቸው ላይ ወረደ፣ ጠፋ፣ እንደገና ቢጫ ሆኖ መጣ። አንድ ሰው በረጅም ዘንግ ላይ ወረቀት ይዞ ከራሳቸው በላይ ያንቀሳቅሳል። ከቤቱ ውስጥ ሆነው ሲያዩት የጎደለው ግድግዳ እንደ ወንዝ ነው፤ በወዲያኛው ዳር ሰዎች በካናቴራ ቆመው ውሃ ይጠጣሉ። የሐምሌ ሙቀት፣ የድርቆሹ ሽታ፣ ከብርድ ልብሱ የሚመጣ የሞተር ዘይት። ልጆች ሳሉ በዚህ ጨርቅ ሥር እጃቸውን አስገብተው ሰበዝ ይመዝዙ ነበር፤ ረጅም የወጣለት ረጅም ይኖራል። እሱ የሷን ሰበዝ በጥፍሩ እየቆረጠ ያስለቅሳት ነበር። የዘኖናስ ጣቶች ሳያውቀው ወደ ጨርቁ ጠርዝ ሄዱ።

«አትምዘዝ» አለች ስኪርማንቴ ከንፈሯን ሳታንቀሳቅስ። «ቀረጻ ነው።»

እጁን ሰበሰበ። ሳህኑን አየ። ከኡክሜርጌ ጀምሮ ያሰናዳው ንግግር በሌላ በኩል ይጀምር ነበር፤ ከአፉ የወጣው ግን ይሄ ነው።

«ባለፈው ዋዜማ ሁለት ባዶ ሳህን አስቀመጥኩ።»

«ለማን?»

«አንዱ ለእማማ። አንዱ ላንቺ።»

«እኔ አልሞትኩም።»

«ዳኑቴም ያንኑ ነው ያለችኝ። በሕይወት ላለ ሰው ባዶ ሳህን አይቀመጥም፣ ምን ልታመጣብን ነው፣ አንሣው አለችኝ።»

«አነሣኸው?»

«ሻማውን ወደ እማማ ሳህን አስጠጋሁት። ሳህንሽ እዚያው አደረ።»

«አገጭዎን ትንሽ ቀና» አለ ኔሪዩስ ከወዲያኛው ዳር። ዘኖናስ አገጩን ቀና አደረገ። እንዲህ ሆኖ ዓይን ዓይኗን ከማየት በቀር የሚያደርገው አልነበረም።

«ስኪርማ፣ እማማ አልጋዋ ላይ አልነበረችም።»

እህቱ አልተነቃነቀችም። ዓይኗ ብቻ ከፊቱ ተነሥቶ ከምድጃው ፊት ወዳለው የተላጠ ጣውላ ሄደና ተመለሰ።

«እዚያ ነበረች» አለች።

«ማን ነገረሽ?»

«ወይዘሮ ብሮኔ፣ ጎረቤቷ። በቀብሩ ዕለት። ሰፍነጉን ሳይቀር።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽኝ?»

«አንተ እስክትነግረኝ ነዋ። ለዕቃው ያኮረፍኩ መሰለህ? ዕቃማ ካልቫሪዩ ሞልቷል፤ ራፖላስን ጠይቀው።» ድምፅዋ ከፍ አላለም፤ መብራቱ እንዳይረበሽ የምትጠነቀቅ ይመስል ነበር። «እሷ ብርድ ነው አለችኝ። አንተም ብርድ ነው አልከኝ። እኔ መቼ ነው የማድገው?»

 የዘኖናስ ላብ በጆሮው ሥር ወረደ፤ እንዳይነቃነቅ ተብሏልና አልጠረገውም።

«ምድጃው በርቶ ነበር?» አለች ስኪርማንቴ።

«አጥፍታዋለች።»

«አጥፍታ?»

«ውሃው ፈልቶ፣ ምድጃውን አጥፍታ፣ ጠረጴዛውን ልትወለውል ዞር ስትል ነው። ጠረጴዛው ግማሹ እርጥብ ነበር። እስኪደርቅ አጠገቧ ተቀመጥኩ። ከዚያ ነው ለሰው የደወልኩት።»

«እሷማ ታጠፋለች» አለች ስኪርማንቴ። መዳፏን በጨርቁ ላይ፣ በድርቆሹ ላይ፣ ከሥሩ ባለው ጣውላ ላይ ጫን አድርጋ አሳረፈችው።

«እጁ ጥሩ ነው» አለ ኔሪዩስ። «እዚያው ይቆይ። አሁን ደግሞ ያን ስስ ቂጣ ቁረሱልኝ፣ ብርሃኑ ጣት ላይ እንዴት እንደሚያርፍ ልየው።»

«ጥቂት ነው የቀረኝ» አለ ራፖላስ። «በሐምሌ የገና ቂጣ ማን ይጋግራል? ገዳም ድረስ ሄጄ ሴት መነኮሳቱን ለምኜ ነው።»

«አንዱን አምጣ» አለች ስኪርማንቴ።

«በባዶ እጅ ቢያስመስሉትስ?»

«አምጣው፣ ራፖላስ።»

ቂጣውን አምጥቶ ለሁለት ከፈለላቸው። በኩቾስ ቀድሞ የሚያቀርብ ታላቅ ነው፤ አባታቸው ከሞተ ወዲህ ግን ይህን የምታደርገው እናታቸው ነበረች። የተቀየመ ሰው ከሌላው እጅ አይቆርስም፣ ጥሉን ይዞም እዚህ ማዕድ አይቀመጥም። ዘኖናስ በድርሻው ላይ የታተመውን ስስ ሥዕል በአውራ ጣቱ ዳሰሰና ወደ እህቱ ዘረጋው። ብርሃኑ እጁ ላይ ወደቀ፤ ከጥፍሩ ሥር ያልለቀቀው ጥቁር ዘይት ታየ። ስኪርማንቴ ከሱ ቆረሰች። ከዚያ የራሷን ዘረጋችለት፤ እሱም ከሷ ቆረሰ። ቀስ ብለው አኝከው ዋጡት።

«ለልኬት ነው እንጂ ብሉት አልተባለም» አለ ራፖላስ።

«ከተቆረሰማ ይበላል» አለ ዘኖናስ።

ከምሣ በኋላ ተዋንያኑ መጡ፤ ሹራብ ውስጥ ቀልተዋል፣ አንዲት ልጅ በየደቂቃው ግንባራቸውን ታደርቅላቸዋለች። ዘኖናስ ይሄዳል ተብሎ ሳይሄድ ቀረ። ስኪርማንቴ ክርኑን ይዛ ከካሜራው ጎን አቆመችው፤ በሩ የነበረበት ቦታ። ዝም በሉ ተባለ። እናት የሆነችው ተዋናይት ከዕድሜዋ ገፋ ያለች፣ እናታቸውን በምንም የማትመስል፣ ረጅም ሴት ናት። ምድጃው ፊት ቆመች። በተላጠው ጣውላ ላይ፣ ሁለት እግሯን አጽንታ፣ ድስት ታማስላለች። ልጆቹ ሰበዝ ይመዝዛሉ። አባትየው ወደ መስኮቱ ሄዶ ብርድ ልብሱን በጣቱ ገለጥ አድርጎ የፊት ለፊቱን ሕንፃ ሰረቅ አድርጎ አየና መልሶ ከደነው። ይህ ጠዋት በጽሑፉ ውስጥ አልነበረም፤ ስኪርማንቴ በምሣ ሰዓት ከዳይሬክተሯ ጋር ጥግ ይዘው ሲነጋገሩ አይቷቸው ነበር። ሴትዮዋ ከምድጃው ዞር ብላ በሩን፣ ማለትም እሱ የቆመበትን አየች። «ምን ትገተራለህ፣ ግባ እንጂ» አለች። የገጸ ባሕርዩ ስም ተከተለ፤ አንድ ወጣት ከኋላው አልፎ ገባ። የዘኖናስ ቀኝ እግር ግን በዚያች ቅጽበት ትንሽ ወደ ፊት ተራምዶ ነበር።

ቀረጻው ነገም ይቀጥላል ተባለ። መብራቶቹ እየጠፉ ሲሄዱ ራፖላስ በማድ ቤቱ ፊት ገመድ ወጥሮ «አይነካም» የሚል ወረቀት ሰቀለ። ሳህኖቹ፣ የተቆራረሰው ዳቦ፣ ግማሽ የተጠጡት ብርጭቆዎች፣ ሁሉም በነበሩበት ቀሩ።

«እንዲህ እንዳለ ያድራል?» አለ ዘኖናስ።

«ያድራል። አንድ ማንኪያ ቢንቀሳቀስ ነገ ይታያል። ማንም አይነካውም» አለች እህቱ።

እናታቸውም የዋዜማውን ማዕድ አታነሣም ነበር፤ የሞቱት በሌሊት መጥተው ይቀምሳሉ ትላለች፣ ጠዋት ዓሣው ጠርዙ ደርቆ፣ ፍርፋሪው እንዳለ ሲገኝ «እነሱማ ጥቂት ነው የሚበሉት» ትላለች። ሁለቱም ይህን አሰቡ። 

«ጠረጴዛውን ሐሙስ ና ውሰደው» አለች ስኪርማንቴ።

«ሐሙስ አልፈልገውም። ታኅሣሥ ላይ ይዘሽው ነይ። በዋዜማው።»

«መኪናዬ ውስጥ አይገባም።»

«ለፊልም ከተማ ትሠሪያለሽ፤ ጠረጴዛ መጫን አያቅትሽም።»

«ብርድ ልብሱስ?»

«እሱም እዚህ ይቆይ። ካርቶን አነጥፋለሁ።»

ሄደ። በኮምፔንሳቶው ጀርባ፣ በጣውላ ድጋፎቹ መካከል እየተሹለከለከ ወደ መውጫው ሲያመራ፣ ከግድግዳው ወዲያ የራፖላስን ድምፅ ሰማ። ሚስማር አፉ ውስጥ አልነበረም።

«ጠዋት ሰምቶኝ ነበር፣ አይደል? ይቅር ይበለኝ፣ ንገሪልኝ። እንዲያው ምን ዓይነት ሰው ነው?»

ዘኖናስ መራመዱን ተወ። 

«ወገቡን ያመዋል» አለች እህቱ።